ጥያቄና መልስ፦ በሽንት ቤት ቧንቧ የወረደው አይጥና የሁለት ስቱዲዮዎች ፍቺ

በዚህ ወር ከደረሱን ደብዳቤዎች አብዛኞቹ ስለ አንድ ፊልምና ስለ ሠሪዎቹ ይጠይቃሉ፤ አንድ ላይ መልሰናቸዋል። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ልጆቼ ‹ፍለሽድ አዌይ› የሚባል የአኒሜሽን ፊልም ደጋግመው ያያሉ። አንድ የቤት አይጥ በሽንት ቤት ቧንቧ ይወርድና ከለንደን በታች ሌላ ለንደን ያገኛል። ጓደኞቼን ብጠይቅ የሚያውቀው የለም። ማን ሠራው? አይጦቹ ከፕላስቲሲን፣ ማለትም ልጆች ቅርጽ ከሚሠሩበት ባለ ቀለም ሊጥ መሰል ነገር የተሠሩ ይመስላሉ፤ እውነት ናቸው?» — የሦስት ልጆች እናት፣ ከሲልቨር ስፕሪንግ

አይደሉም። ከመጀመሪያው ፍሬም (የፊልሙ አንድ ነጠላ ምስል) እስከ መጨረሻው በኮምፒውተር የተሠሩ ናቸው። እርስዎ እንደ ፕላስቲሲን ያዩዋቸው ግን በስሕተት አይደለም፤ ሠሪዎቹ የፈለጉት ይህንኑ ነው።

ፊልሙ የወጣው በ2006 ነው። ሠሪዎቹ ሁለት ናቸው። አንዱ በእንግሊዝ አገር በብሪስቶል ከተማ የሚገኘው አርድማን ነው። ፒተር ሎርድና ዴቪድ ስፕሮክስተን በ1972 የመሠረቱት ሲሆን ስሙን ያስጠራው የፕላስቲሲን አሻንጉሊት በእጅ እያንቀሳቀሱ በመቅረጽ ነው። ሌላው የአሜሪካው ድሪምዎርክስ ነው። ዳይሬክተሮቹ ዴቪድ ባወርስና ሳም ፌል ናቸው። ሥራው በአብዛኛው የተከናወነው ግን በድሪምዎርክስ ቤት፣ በካሊፎርኒያ ግሌንዴል ነው። ይህ የቦታ ነገር ኋላ ለሚመጣው የገንዘብ ጥያቄ ስለሚያስፈልገን ይያዝልን።

ሮዲ የተባለውን በለንደን ሀብታም ሰፈር በኬንሲንግተን የሚኖር ቅምጥል አይጥ ሂው ጃክማን ይናገረዋል፤ የጀልባዋን አዛዥ ሪታን ኬት ዊንስሌት፣ ክፉውን ጉርጥ ኢያን ማኬለን፣ ፈረንሳዊውን እንቁራሪት ደግሞ ዣን ሬኖ። ቅርፊት የሌላቸው ቀንድ አውጣዎች በየመሃሉ ብቅ እያሉ ይዘፍናሉ፤ ከፊልሙ ሁሉ ልጆች የሚይዙት እነሱን ነው።

እንግዲህ ፕላስቲሲን የሚያስመስለው ምንድን ነው? በኮምፒውተር የሚሠራ ፊት ከፈገግታ ወደ ቁጣ እንደ ዘይት ተንሸራቶ መሄድ ይችላል። የፕላስቲሲን አሻንጉሊት ግን አይችልም፤ አንዱ አፍ ተነቅሎ ሌላው ይተከልለታል። በዚህ ፊልም ኮምፒውተሩ ሆን ተብሎ ታስሯል፤ አፎቹ ከቅርጽ ወደ ቅርጽ ይዘላሉ። አፉ ሰፊ፣ ጥርሱ ትልልቅ፣ ቅንድቡ ወፍራም መሆኑም የአርድማን የእጅ ሥራ ምልክት ነው። ቀጥሎ ሲያዩት ሪታ ስትናገር ፊልሙን ያቁሙና ፍሬም በፍሬም ያሳልፉት። በአንድ ቃል ውስጥ አፏ ስንት ጊዜ እንደሚለዋወጥ መቁጠር ይችላሉ።

«አርድማን በፕላስቲሲን የታወቀ ከሆነ ይህን ፊልም ለምን በኮምፒውተር ሠራው? ‹ውሃ ፕላስቲሲኑን ስለሚያሟሟው ነው› ሲባል ሰምቻለሁ።» — የሥነ ጥበብ ተማሪ፣ ከአዲስ አበባ

ምክንያቱ ውሃ መሆኑ ልክ ነው። «ያሟሟዋል» የሚለው ግን ልክ አይደለም። ፕላስቲሲን የሚቦካው በውሃ ሳይሆን በቅባት ነው። የኖራ ድንጋይ ዱቄት፣ ቫዝሊን መሰል ቅባትና የሰባ አሲድ ተደባልቀው ይሠራል፤ የማይደርቀውም ለዚህ ነው። ውሃ ውስጥ ቢነክሩት አይሟሟም። ውሃው ጉዳት የሚያደርሰው በስፌቱ በኩል ገብቶ የተጣበቀውን ሲያላቅቅና በውስጡ ያለውን የብረት አጽም ሲያዝግ ነው።

ከዚህ የሚብሱ ሁለት ችግሮች አሉ።

የመጀመሪያው ጊዜ ነው። በስቶፕ ሞሽን አሻንጉሊቱን ጥቂት ሚሊሜትር ታንቀሳቅሳለህ፣ ፎቶ ታነሳለህ፣ እንደገና ታንቀሳቅሳለህ። በሁለት ፎቶዎች መካከል ብዙ ደቂቃ ሊያልፍ ይችላል። አሻንጉሊቱ ይጠብቅሃል፤ ውሃ ግን አይጠብቅም። ማዕበሉ መሃል ላይ «እዚያው ቁም» አይባልም።

ሁለተኛው መጠን ነው። ውሃ አብሮ አያንስም። 20 ሳንቲሜትር ቁመት ባለው አሻንጉሊት ጉንጭ ላይ 5 ሚሊሜትር ስፋት ያላት ጠብታ ብታርፍ፣ በሰው ፊት ላይ ሎሚ የሚያህል ጠብታ እንደማየት ነው። ተመልካቹ ስሌቱን ባያውቅም ዓይኑ ወዲያው «ይህ መጫወቻ ነው» ይላል። በትንሽ ገንዳ ውስጥ የተነሳ ማዕበልም ቶሎ ቶሎ ስለሚመታ ባሕር አይመስልም።

የእጅ ሠሪዎች ዘዴ የላቸውም ማለት አይደለም። ለእንባ ግሊሰሪን ይንጠባጠባል፤ ለብርጭቆ ውሃ ጥርት ያለ ጄል ይፈሳል፤ ለቧንቧ ውሃ የምግብ መጠቅለያ ስስ ላስቲክ ተጠምዝዞ በየፎቶው ጥቂት ይዞራል። እነዚህ ለአንድ ትዕይንት ይበቃሉ። ፍለሽድ አዌይ ግን ታሪኩ ሁሉ ውሃ ነው፤ የጀልባ ማሳደድ አለ፣ የቦይ ፏፏቴ አለ፣ መጨረሻ ላይ ከተማዋን ሊያጠፋ የሚመጣ ጎርፍ አለ። (የጉርጡ ተንኮል በዓለም ዋንጫ ፍጻሜ የዕረፍት ሰዓት መላው ከተማ በአንድ ጊዜ ሽንት ቤት ገብቶ ውሃ እንደሚለቅ በመቁጠር ላይ የቆመ ነው። ነገሩ ጨርሶ ፈጠራ አይደለም፤ በእንግሊዝ አገር ትልቅ ጨዋታ ለዕረፍት ሲወጣ ሁሉም ሻይ ስለሚያፈላ የኤሌክትሪክ ፍጆታ ድንገት ሽቅብ እንደሚወጣ የመብራት ባለሙያዎቹ አስቀድመው ይዘጋጁበታል።)

«ፊልሙ 149 ሚሊዮን ዶላር ወጥቶበት 178 ሚሊዮን ዶላር ያህል አስገብቷል ይባላል። እንዲህ ከሆነ 29 ሚሊዮን አተረፈ እንጂ እንዴት ከሰረ ይባላል? ስቱዲዮዎቹስ ለምን ተለያዩ?» — የሒሳብ ባለሙያ፣ ከአዳማ

ሁለቱም ቁጥሮች ትክክል ናቸው፤ እርስ በርስ የሚቀናነሱ ግን አይደሉም። 178 ሚሊዮኑ ተመልካች በትኬት መስኮት የከፈለው ገንዘብ ነው። ከዚያ ላይ ሲኒማ ቤቱ ድርሻውን ያነሳል። እንደ አገሩና እንደ ውሉ ቢለያይም በግምት ግማሹ ይቀራል ብንል ወደ ስቱዲዮው የሚደርሰው 89 ሚሊዮን አካባቢ ነው። 149 ሚሊዮኑ ደግሞ የመሥሪያው ወጪ ብቻ ነው። ማስታወቂያው፣ ፖስተሩ፣ በዚያ ዘመን ለየሲኒማ ቤቱ ይላክ የነበረው የፊልም ጥቅል ቅጂ በላዩ ይደመራል። ስለዚህ ከሲኒማ ቤት ብቻ ፊልሙ ወጪውን ለመመለስ ሩቅ ነበር። የተቀረውን ዲቪዲና ቴሌቪዥን እንዲሞሉት ይጠበቅ ነበር፤ አልሞሉትም።

እርስዎ በሙያዎ የሚያውቁት ነገር ቀጥሎ ይመጣል። የፊልም ኩባንያ የመሥሪያ ወጪውን ወዲያው ወጪ አድርጎ አይመዘግብም፤ ገቢ የሚያመጣ ንብረት ብሎ ይይዘዋል፣ ገቢው በገባ ቁጥር ይቀንስለታል። የሚጠበቀው ገቢ ከመዝገቡ ዋጋ በታች ከወረደ ግን ልዩነቱ በአንድ ጊዜ ይቆረጣል። ድሪምዎርክስ አኒሜሽን በዚህ ፊልም ምክንያት 109 ሚሊዮን ዶላር ቆረጠ። ኩባንያው ከ2004 ጀምሮ አክሲዮኑ በገበያ የሚሸጥ ስለሆነ ነገሩን በጓዳ ሊይዘው አይችልም፤ ባለ አክሲዮኑ ሁሉ አነበበው።

የወጣበት ቀንም አልረዳውም። በአሜሪካ ኅዳር 3 ቀን 2006 ተለቀቀ። በዚያው ቅዳሜና እሑድ ሁለት ተፎካካሪዎች ቀደሙት፦ «ቦራት» በ837 ሲኒማ ቤቶች ብቻ ታይቶ 26 ሚሊዮን ዶላር አለፈ፤ የገና አባት ቀልድ የያዘው «ዘ ሳንታ ክሎዝ» ሦስተኛ ክፍል ደግሞ 19.5 ሚሊዮን አስገባ። የኛ አይጥ በ18.8 ሚሊዮን ሦስተኛ ሆነ። ለቤተሰብ ፊልም ከቦራት ይልቅ የከፋው ሁለተኛው ነው፤ ልጅ ይዞ የሚወጣው ያው ወላጅ ነውና።

ለመለያየታቸው ግን አንድ ፊልም ብቻውን አይበቃም። ከመነሻው እንየው። «ቺክን ራን» በ2000 ወጣ፤ 45 ሚሊዮን ዶላር ያህል ወጥቶበት 224 ሚሊዮን አስገባ። በእጅ ከተንቀሳቀሱ ፊልሞች እስከ ዛሬ በገቢ የሚበልጠው የለም። እሱ ገና እየተሠራ ሳለ፣ በ1999፣ ሁለቱ ስቱዲዮዎች ለተጨማሪ አራት ፊልሞች 250 ሚሊዮን ዶላር የሚያወጣ ውል ተፈራረሙ። ከዚያ የኤሊና የጥንቸሏ ሩጫ ታሪክ ተጀምሮ በ2001 በጽሑፉ ችግር ቆመ። በ2005 «የጥንቸል ሰው እርግማን» የተሰኘው የአርድማን ገጸ ባሕርያት የዋላስና የውሻው የግሮሚት ፊልም ወጣ፤ በ30 ሚሊዮን ገደማ ተሠርቶ 192 ሚሊዮን አካባቢ አስገባ፣ በምርጥ አኒሜሽን ዘርፍ ኦስካርም ወሰደ። ይህም ሆኖ ድሪምዎርክስ በአሜሪካ ከጠበቀው በታች ስለሆነበት በእሱም ላይ ቆርጧል። ለአንዱ ወገን ታላቅ ድል የሆነው ለሌላው ጉድለት ነበር ማለት ነው።

እዚህ ላይ ነው የጉዳዩ ሥር። አርድማን ፊልሙን የሚሠራው በጥቂት ሰው፣ በቀስታ፣ ለእንግሊዝ ጆሮ በሚጥም ቀልድ ነው። ድሪምዎርክስ ከመላው አሜሪካ ተመልካች የሚጠብቀው ገቢ አለ፤ ስለዚህም እርማት ይልካል። በዋላስና ግሮሚት ፊልም ውስጥ ስለ አንድ የጓሮ ዱባ የሚነገር ቃል ለአሜሪካ ቅጂ ሐብሐብ መሰል ፍሬ ተብሎ ተቀይሯል፤ እንግሊዞች የሚያውቁትን ስም አሜሪካኖች ስለማያውቁት ነው። በ30 ሚሊዮን ፊልም ላይ የሚላክ እርማትና በ149 ሚሊዮን ፊልም ላይ የሚላክ እርማት ደግሞ አንድ አይደለም፤ ገንዘቡ ሲበዛ አስተያየት ሰጪውም ይበዛል። ሥራው ከብሪስቶል ወጥቶ ግሌንዴል ሲገባ አርድማን በገዛ ፊልሙ እንግዳ የመሆን ዕጣ ደረሰው።

በጥር 2007 መለያየታቸው በይፋ ተነገረ። በእጃቸው ከነበሩት እቅዶች አንዱ የዋሻ ዘመን ሰዎች ታሪክ ነበር፤ አርድማን በእጅ ሊሠራው የጀመረው ነው። መብቱ ለድሪምዎርክስ ቀረ። ከብዙ ለውጥ በኋላ በ2013 «ዘ ክሩድስ» ሆኖ ወጣና ከ580 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገባ።

የፊልሙ ጥራት ከሒሳቡ የተለየ ጉዳይ ነው። የአኒሜሽን ሙያተኞች በሚሰጡት የአኒ ሽልማት ፍለሽድ አዌይ አምስት ወሰደ፣ ከነዚያ አንዱ ለጽሑፉ ነው። በኦስካር ግን ዕጩ እንኳ አልሆነም፤ ከነበሩት ሦስት ዕጩዎች «ሃፒ ፊት» አሸነፈ። በእኛ ግምት ከሦስቱ ቢያንስ አንዱን ይበልጥ ነበር።

«አርድማን ከዚያ በኋላ ከማን ጋር ሠራ?» — ከለንደን

በዚያው በ2007 ከሶኒ ጋር ተዋዋለ። ከውሉ ሁለት ፊልሞች ወጡ። «አርተር ክሪስማስ» በ2011 በኮምፒውተር ተሠራ፤ ዳይሬክተሯ ሳራ ስሚዝ ናት፤ 100 ሚሊዮን ዶላር ወጥቶበት 147 ሚሊዮን አካባቢ አስገባ። በአዳማው አንባቢ ስሌት ካየነው ይህም ጎድሏል፣ ምንም እንኳ በየዓመቱ በገና ሰሞን አዲስ ወዳጅ የሚያፈራ ፊልም ቢሆንም። «ዘ ፓይረትስ!» የተባለው የባሕር ወንበዴዎች ፊልም በ2012 ተከተለ፤ እሱ አሻንጉሊቱ በእጅ፣ ባሕሩ በኮምፒውተር ነው። በፍለሽድ አዌይ ያስቸገረው የውሃ ጥያቄ እንዲህ ተፈታ።

ቀጥሎ የፈረንሳዩ ስቱዲዮካናል መጣ። በ2015 የወጣው የበጉ የሾን ፊልም 25 ሚሊዮን ዶላር ያህል ወጥቶበት 106 ሚሊዮን አስገባ። ከ178 ሚሊዮኑ ጋር ያስተያዩት፤ ገቢው ያነሰው ፊልም ነው ያተረፈው። በ2018 መሥራቾቹ የኩባንያውን አብዛኛውን ድርሻ ለሠራተኞቹ አዛወሩ፤ ስለዚህ ዛሬ አርድማንን ጠቅልሎ የሚገዛ ትልቅ ስቱዲዮ በቀላሉ አይመጣም።

«ፍለሽድ አዌይን ስንት ዓመት ላለው ልጅ ላሳይ? የኔ ልጅ አራት ዓመቱ ነው፤ እንግሊዝኛ አይሰማም።» — አባት፣ ከሪያድ

ለአራት ዓመት ልጅ አይመከርም። ደም የለም፣ ግን ጉርጡ አይጦችን በበረዶ የሚያደርቅበት ክፍል ትንንሾችን ያስደነግጣል። የአሜሪካ መመዘኛ በወላጅ ምክር የሚታይ ብሎታል፤ የእንግሊዙ ለሁሉም ፈቅዶታል። ከስድስት ዓመት ጀምሮ ጥሩ ነው። ቀልዱ ግማሹ ከቃል ጋር የተያያዘ ነው፤ የሪታ ጀልባ ስም እንኳ የእንግሊዝ ብስኩት ስም ነው፣ ማንም ቢተረጉመው አይስቅም።

ለልጅዎ የበጉን የሾንን ፊልም ያሳዩት። 85 ደቂቃ ነው፣ አንድም የሚሰማ ንግግር የለውም፤ ሰዎቹ እንኳ ያጉረመርማሉ እንጂ አይናገሩም። የሪያድም የደብረ ማርቆስም ልጅ እኩል ይረዳዋል።

«ፊልሙን ለተማሪዎቼ ካሳየሁ በኋላ ‹እኛም እንሥራ› አሉ። በስልክ ሞከርን። ብርሃኑ እንደ ሻማ ይርገበገባል፤ አሻንጉሊቶቹም እየወደቁ አስቸገሩን። ምን እናድርግ? ደግሞስ ‹ፀሐይ መማር ትወዳለች›ም እንዲህ ነው የሚሠራው?» — መምህር፣ ከባሕር ዳር

ከመጨረሻው እንጀምር፦ አይደለም። ከ2005 ጀምሮ በብሩክታዊት ጥጋቡ የሚመራው ዊዝ ኪድስ ወርክሾፕ ያቀረባት ቀጭኔዋ ፀሐይ በእጅ የምትለበስ አሻንጉሊት ናት። ሰው እጁን አስገብቶ ያንቀሳቅሳታል፣ ካሜራው እንደ ማንኛውም ቪዲዮ ይቀርጻል። የእናንተ ግን አሻንጉሊቱን የሚነካ እጅ በፎቶው ውስጥ የማይታይበት ነው፤ ሌላ ሙያ ነው።

መርገብገቡን በቅደም ተከተል እንፈልገው። ከአሥር ጊዜ ዘጠኙ ስልኩ ራሱ ነው፤ በየፎቶው ብርሃኑንና ቀለሙን እንደገና ይለካል። ስቶፕ ሞሽን ስቱዲዮ የተባለውን የስልክ አፕ ጫኑና ፎከሱን፣ የብርሃን መጠኑንና የቀለም ሚዛኑን ሦስቱንም ቆልፉ። ቀጥሎ መስኮቱ ነው። ደመና ባለፈ ቁጥር ክፍሉ ይደበዝዛል፤ በወፍራም ብርድ ልብስ ዝጉት። ሦስተኛው መብራቱ ነው። የኛ መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ አምፖሎች በሴኮንድ 100 ጊዜ ይደምቃሉ ይደክማሉ። የካሜራውን መዝጊያ ፍጥነት 1/50 ወይም 1/25 ሴኮንድ ላይ ብታደርጉት ልዩነቱ ይጠፋል። (አሜሪካ ያላችሁ 1/60 አድርጉት።) ኃይል ከፍ ዝቅ የሚል ከሆነ በባትሪ የሚሠራ መብራት ይሻላል፤ ሆኖም ባትሪው እየደከመ ሲሄድ ብርሃኑም ስለሚቀንስ በየሰዓቱ ቻርጅ የተደረገ ቀይሩ። አራተኛውን ማንም አይጠረጥረውም፦ የሚያንቀሳቅሰው ተማሪ ነጭ ሸሚዝ ከለበሰ ብርሃኑን አንጸባርቆ ወደ መድረኩ ይመልሳል። ጥቁር ልብስ ይልበስ፣ ፎቶ ሲነሳም ሁልጊዜ አንድ ቦታ ይቁም።

ወደ መውደቁ እንምጣ። አሻንጉሊት የሚወድቀው ጭንቅላቱ ስለሚከብድ ነው። ጭንቅላቱን በሙሉ ከፕላስቲሲን አትሥሩት፤ የተጨመቀ የአሉሚኒየም ፎይል ኳስ አድርጉና 3 ሚሊሜትር ፕላስቲሲን አልብሱት። ለ15 ሳንቲሜትር አሻንጉሊት ከ100 እስከ 150 ግራም ፕላስቲሲንና አንድ ሜትር ያህል ባለ 1.5 ሚሊሜትር የአሉሚኒየም ሽቦ ይበቃል። ሽቦውን አጥፋችሁ ሁለቱን ጫፎች በድሪል አጠማዝዙት። ከኤሌክትሪክ ገመድ የወጣ መዳብ አትጠቀሙ፤ ለመጀመሪያው ቀን ጥሩ ይመስላል፣ ሲተጣጠፍ እየደረቀ ሄዶ በጉልበቱ ላይ ይሰበራል።

እግሩን ከመድረኩ ጋር እሰሩት። አንዱ መንገድ በእያንዳንዱ እግር ሥር ባለ 4 ሚሊሜትር ዳዶ በኢፖክሲ ማጣበቅና ከኮምፔንሳቶ መድረክ ሥር ቡሎን ማስገባት ነው። አስተማማኝ ነው፣ ግን ለእያንዳንዱ እርምጃ ቀዳዳ ይፈልጋል፤ ቀዳዳውንም በፕላስቲሲን መድፈን አለባችሁ። ሌላው መንገድ መድረኩን ግማሽ ሚሊሜትር ውፍረት ባለው ላሜራ ሠርቶ ከሥሩ ከአሮጌ ስፒከር የወጣ ማግኔት ማስቀመጥ ነው። ዳዶው በእግሩ ውስጥ ስላለ ይያዛል፣ ማግኔቱንም ከእግሩ ጋር ታንቀሳቅሱታላችሁ። ለትምህርት ቤት ይህ ይሻላል።

ስልኩ በስታንድ ይታሰር፤ ስታንዱ የቆመበት ጠረጴዛና መድረኩ ያለበት ጠረጴዛ የተለያዩ ይሁኑ። ተማሪ ተደግፎ አንዱን ቢነቀንቅ ሌላው እንዳይናወጥ ነው። የሚቆምበትን ወለል በፕላስተር ምልክት አድርጉበት።

አንድ የሚያደናግር ነገር አለ። ፊልም በሴኮንድ 24 ፍሬም ነው፤ ይህ ማለት ግን 24 ጊዜ ማንቀሳቀስ አይደለም። ባለሙያዎችም ብዙ ጊዜ እያንዳንዱን አቋም ሁለት ሁለት ፍሬም ይይዙታል፤ በሴኮንድ 12 ፎቶ ይበቃችኋል። አፑን 12 ላይ አድርጉት። ጀማሪ ለአንድ ፎቶ ሁለት ደቂቃ ያህል ይወስድበታል፤ ሁለት ክፍለ ጊዜ 90 ደቂቃ ቢሆን 45 ፎቶ፣ ማለትም አራት ሴኮንድ የማይሞላ ፊልም ይወጣችኋል። ተስፋ አትቁረጡ። የተማረ ሠራተኛም ለትልልቅ ፊልሞች በቀን የሚያወጣው በሴኮንድ የሚቆጠር ነው። ክፍሉን በአምስት ቡድን ከፋፍላችሁ ለእያንዳንዱ አራት ሴኮንድ ስጡ፤ 20 ሴኮንድ ማየት ለሚፈልግ ወላጅ ብዙ ነው።

የመጀመሪያ ልምምዳችሁ እጅ ማንሳት ይሁን። የብዙ ጀማሪዎች ስሕተት በየፎቶው እኩል ርቀት ማንቀሳቀስ ነው፤ ያኔ እጁ እንደ አሳንሰር ይወጣል። በቀስታ ይነሳ፣ መሃል ላይ ይፍጠን፣ ሲደርስ ይዘግይ፦ 2፣ 4፣ 7፣ 10፣ 10፣ 7፣ 4፣ 2 ሚሊሜትር። አፑ የቀደመውን ፎቶ እንደ ጥላ ከሥር ያሳያችኋል፤ ርቀቱን በእሱ ለኩ።

ለንጽሕና፦ ነጭ ፕላስቲሲንን በመጀመሪያ፣ ጥቁርን በመጨረሻ ሥሩ፤ በመካከል እጅ በእርጥብ መጥረጊያ ይጠረግ። ቀለም ከተቀላቀለ መለየት አይቻልም። በሞቃት ቀን ፕላስቲሲኑ ከለሰለሰባችሁ ለአሥር ደቂቃ በማቀዝቀዣ አስቀምጡት። የሸክላ ጭቃ ግን አትሞክሩ፤ በመብራት ሥር ይደርቅና ከሦስተኛው ሰዓት በኋላ ይሰነጠቃል።

«አሻንጉሊታችን አማርኛ እንዲናገር እንፈልጋለን። ያገኘናቸው የአፍ ቅርጾች ሰንጠረዦች ሁሉ ለእንግሊዝኛ ናቸው።» — የወጣቶች ክበብ፣ ከቴል አቪቭ

ሰንጠረዡን ተዉትና በመስታወት ፊት ቆማችሁ ተናገሩ። ለአማርኛ ሰባት ተነቃይ አፎች ይበቃሉ። ዝግ አፍ ለም፣ ለብ፣ ለፕና ለጵ። የታች ከንፈር በጥርስ የተነካ ለፍና ለቭ። ሰፊ ክፍት ለራብዕ፣ ማለትም እንደ «ላ» ላሉት። ግማሽ ክፍት ለግዕዝ ድምፅ፣ እንደ «ለ»። ወደ ጎን የተለጠጠ ለሣልስና ለኃምስ፣ እንደ «ሊ» እና «ሌ»። የተሞጠሞጠ ለካዕብና ለሳብዕ፣ ለወም ጭምር። ጥርስ የሚታይበት ጠባብ ደግሞ ለስ፣ ለዝ፣ ለሽ፣ ለት፣ ለድና ለሳድስ። ቅና ጥ የሚፈነዱት በጉሮሮና በምላስ ስለሆነ ከውጭ አይታዩም፤ ለእነሱ የተለየ አፍ አትሥሩ። «ቋ»፣ «ጓ»፣ «ኳ» ግን ለአንድ ፎቶ ተሞጥሙጠው ወደ ሰፊው ይከፈታሉ፤ ይህን የእንግሊዝኛ ሰንጠረዥ አይነግራችሁም።

ማጥበቅና ማላላት ከሁሉ በላይ የሚሳሳቱበት ነው። በሴኮንድ 12 ፎቶ ሲሆን አንዱ ፎቶ ከአንድ ሴኮንድ አንድ አሥራ ሁለተኛውን ይይዛል። የላላ ም ለአንድ ፎቶ ዝግ ሆኖ ያልፋል፤ የጠበቀ ም ሁለት ፎቶ ሙሉ ይዘጋ። «እማማ» በሚለው ቃል የመጀመሪያውን ም በአንድ ፎቶ ካለፋችሁት ድምፁ ትክክል ሆኖ አፉ ከድምፁ ጋር ያልገጠመ ይመስላል። «ገና» ሲጠብቅ በዓሉ፣ ሲላላ «ገና ነው» የሚባለው ነው፤ የጠበቀው ን በከንፈር ስለማይታይ ልዩነቱን የምትሰጡት ከፊቱ ያለውን አፍ አንድ ፎቶ በማቆየት ነው።

ድምፁን አስቀድማችሁ ቅረጹ፤ ኋላ ለማስገባት አትሞክሩ። ከዚያ በወረቀት ላይ ከ1 እስከ መጨረሻው ፎቶ ቁጥር ጻፉና በየቁጥሩ አጠገብ የትኛው አፍ እንደሚገባ አስፍሩ። ዝግ አፍ የሚገባው ድምፁ ከሚሰማበት አንድ ፎቶ ቀድሞ ነው፤ ሰውም ሲናገር ከንፈሩ የሚገጥመው ድምፁ ከመውጣቱ በፊት ነው። ሰባቱን አፎች ሁለት ሁለት አድርጋችሁ ሥሩ፤ በተነቀሉና በተተከሉ ቁጥር ጠርዛቸው ይፈርሳል፣ በሃምሳኛው ፎቶ አካባቢ መለዋወጫው ያስፈልጋችኋል።